አንቱ የሚባባሉ ባልና ሚስት

ቨንደሊን ሃርኮርት መሞቻው መቃረቡ የተነገረው የስቱዲዮው ካንቲን ውስጥ የድንች ሾርባ እየጠጣ ሳለ ነው።

ነጋሪው ወጣቱ አዘጋጅ ማልተ ነበር። ሰሃኑን ይዞ መጣና ፊት ለፊቱ ተቀመጠ፤ ዳቦውን ቆርሶ ሾርባው ውስጥ ነከረና አንገቱን ደፍቶ፣ "ቨንደሊን፣ ልብህ ነው" አለው።

"ልቤ ምን ሆነ?"

"ይቆማል። ጸሐፊዎቹ ትናንት ወሰኑ። የምንቀርጸው ከገና በፊት ነው፤ ሰው የሚያየው በመጋቢት።"

የሚቆመው የራሱ የቨንደሊን ልብ አልነበረም፤ የብሩኖ ነው። ብሩኖ "የማዕዘኑ ዳቦ ቤት" በተባለው ተከታታይ ድራማ ላይ ከሰኞ እስከ ዓርብ፣ ከማታው ዜና በፊት፣ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ዳቦ ሲጋግር የኖረ ሰው ነው። ቨንደሊን ደግሞ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ብሩኖን ሆኖ የኖረ ተዋናይ። የጀርመን አሮጊቶች ብሩኖን ከገዛ ወንድሞቻቸው አብልጠው ያውቁታል። ኮሎኝ ውስጥ እውነተኛ ዳቦ ቤት ሲገባ ሻጮቹ ይደነግጣሉ፤ "ዛሬ እንኳን ሊጡ እንደልቡ አልተነሳልንም" እያሉ ይቅርታ ይጠይቁታል። እሱ ግን እንኳን ዳቦ መጋገር፣ እንቁላል መቀቀልም አይሆንለት።

ሌላ ሰው ቢሆን ስለ እንጀራው ይደነግጥ ነበር። ቨንደሊን ግን ከባቫርያ አንድ ጥሪ ኪሱ ውስጥ ነበረው፤ በሌላ ድራማ ላይ ወንጀል የሚያጋልጥ ቄስ ሆኖ እንዲሠራ። ጀርመን ውስጥ ዕድሜው የገፋ ተዋናይ ወይ ሐኪም ይሆናል ወይ እንዲህ ያለ ቄስ፤ ስለዚህ እንጀራው አላሳሰበውም። ያሳሰበው ሌላ ነገር ነው። ማንኪያውን አስቀምጦ ያሰበው፣ "እንግዲህ አበቃ፤ ወይዘሮ ኪናስት እኮ እስከ ዛሬ አንቱ ነው የምትለኝ" ብሎ ነው።

ሐሳቡ እንዲገባችሁ ትንሽ ወደኋላ ልመልሳችሁ።

ቨንደሊን ሲጀምር ማንም ለዳቦ ጋጋሪነት አላጨውም። ቩፐርታል ተወልዶ፣ ቦሁም ከተማ ቴአትር ቤት ውስጥ ጦር ይዞ በመቆም ጀመረ። ንጉሡ ይናገራል፣ ንግሥቲቱ ታለቅሳለች፣ ቨንደሊን ጦር ይዞ ይቆማል። ከዚያ ቴሌቪዥን መጣለት። የመጀመሪያ ሚናው በእሑድ ማታው የወንጀል ፊልም ላይ ሬሳ መሆን ነበር። እናቱ ወይዘሮ ኤልፍሪደ ጎረቤቶቿን ሁሉ ሰብስባ አየችው፤ ፊልሙ እንዳለቀ ደወለች።

"ደህና አድርገህ ሞተሃል ልጄ" አለችው። "ካልሲህ ግን ተቀዶ ነበር። ሰው ምን ይለኛል?"

"እማዬ፣ ካልሲው እኮ የእነሱ ነው።"

"እግሩ ያንተ ነው!"

ከሬሳነት ተነስቶ ወደ ተጠርጣሪነት አደገ። የወንጀል ፊልም የሚወድ ጀርመናዊ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ፖሊሶቹ መጀመሪያ የሚይዙት ሰው መቼም ገዳይ ሆኖ አያውቅም። ያ ሰው ቨንደሊን ነበር። ፊቱ ለዚህ የተፈጠረ ነው፤ ወፍራም ቅንድብ፣ ያኮረፈ አፍ፣ ሁልጊዜ አንድ ነገር የደበቀ የሚመስል ዓይን። ከሃምቡርግ እስከ ሙኒክ ያሉ መርማሪዎች በየተራ አንገቱን ይዘው ጎትተውት፣ ትንሽ ቆይተው "ይቅርታ፣ መሄድ ይችላሉ" እያሉ ለቀቁት። በመጨረሻ ተመልካቹ ነቃበት። እሱ ብቅ ሲል ሰው ሁሉ "በቃ፣ እሱ አይደለም" ብሎ ቢራ ሊቀዳ ይነሳ ጀመር። አንድ ጊዜ ገዳይ የመሆን ዕድል አግኝቶ ነበር፤ ግን አለቆቹ "እሱ ገደለ ቢባል ማንም አያምንም" ብለው ሚናውን ለሌላ ሰጡበት።

አንድ ትልቅ ፊልምም አለው። በሰሜን ባሕር ዳር ብቻውን የሚኖር የመብራት ማማ ጠባቂ ሆኖ፣ ነፋስ ፊቱን እየገረፈው ክረምቱን ሙሉ ሠራ። ያዩት ጋዜጠኞች "እንዲህ ያለ ዝምታ አይተን አናውቅም" ብለው ጻፉለት። ፊልሙ በወጣበት ሳምንት ግን የእግር ኳስ ዓለም ዋንጫ ጀመረ፤ ሲኒማ ቤት የገቡት እናቱና የእናቱ ጎረቤቶች ብቻ ሆኑ። በዚያው ሰሞን ሚስቱ አንድ ጥርስ ሐኪም ወዳ ጥላው ሄደች። እንግዲህ ዳቦ ቤቱ የመጣለት በዚህ ጊዜ ነው፤ ሳይደግስ አይጣላም።

የመጀመሪያ ቀን ሠራተኛው ሁሉ ተሰብስቦ ተዋወቀ። በቀረጻ ቦታ ያለው ልማድ የታወቀ ነው፤ ከመብራት ሠራተኛው እስከ ትልቁ አለቃ ሁሉም አንተና አንቺ ይባባላል። ሁሉም እንደዚያው ተባባለ። የብሩኖን ሚስት የሐነን ሚና የምትሠራው ሮስቪታ ኪናስት ግን ተራዋ ሲደርስ እጇን ዘርግታ ቆም አለች። ያኔ ከሱ ይልቅ የታወቀችው እሷ ናት፤ ቀይ ጸጉር፣ ቀጥ ያለ ጀርባ፣ ስታንሾካሹክ እንኳን የኋለኛው ወንበር ድረስ የሚሰማ ድምፅ።

"አቶ ሃርኮርት" አለችው፣ "እኔ ሁለት ጊዜ በፊልም አግብቼ፣ ሁለቱንም ባሎቼን ቤቴ ይዣቸው ሄጃለሁ። አንደኛው ጠጪ ሆነብኝ፤ ሌላኛው ጀልባውን ከኔ አስበለጠ። ጥፋቱ ሁልጊዜ የሚጀምረው 'አንተ' ከማለት ነው። ስለዚህ ካሜራው ሲዘጋ፣ ለጊዜው አንቱ ብንባባል ይከፋዎታል?"

"በፍጹም አይከፋኝም፣ ወይዘሮ ኪናስት" አለ ቨንደሊን። አፉ ቸኮለ።

"ለጊዜው" አደገኛ ቃል ናት። በዚያ አገር ለጊዜው ተብሎ የተጠገነ ጣሪያ ልጅ ያሳድራል፣ የልጅ ልጅ ያሳድራል። የነዚህም "ለጊዜው" እንዲሁ ሆነ። ካሜራው ፊት፣ "አንቺ ሐነ፣ መነጽሬን የት ጣልሽው?" "እኔ ምን አውቄልህ፣ አንተ ሽማግሌ፣ አፍንጫህ ላይ ነው!" ይባባላሉ። አዘጋጁ "አመሰግናለሁ!" ብሎ ካሜራው እንደቆመ ደግሞ፣ "ይቅርታ ወይዘሮ ኪናስት፣ እግርዎን ረገጥኩዎት?" "ኧረ ምንም አይደለም፣ አቶ ሃርኮርት።" አዲስ የመጣ ሠራተኛ ሁሉ መጀመሪያ የተጣሉ ይመስለዋል።

ደግሞም አንተ መባባል እዚያ አገር ዝም ተብሎ አይወሰድም፤ ይሰጣል። ሰጪው እጁን ዘርግቶ የመጠሪያ ስሙን ብቻ ይናገራል፣ ተቀባዩም የራሱን ይናገራል፤ ከዚያ ወዲያ ዕድሜ ልክ ነው። ያልተሰጠውን ቀድሞ የወሰደ ግን ባለጌ ይባላል። ማን ለማን ይሰጣል ከተባለ፣ ወይዘሮ ኤልፍሪደ ልጇን ከማታ ጸሎት ጋር ያስጠናችው "ሴት ለወንድ" ብላ ነው። ስለዚህ ቨንደሊን እስኪሰጠው ጠበቀ።

ሲጠብቅ ወደዳት። ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ ራሱም አያውቅም። ቃለ ተውኔቷን ስታጠና ከንፈሯ ብቻ የሚንቀሳቀሰው ነገር ይሁን፣ ወይስ እናቱን ቀብሮ የተመለሰ ዕለት ምንም ሳትናገር ቀኑን ሙሉ አጠገቡ መቀመጧ፣ አይታወቅም። ቅዳሜና እሑድ እንደ ቅጣት ነበር የሚረዝምበት። ሰኞ ጠዋት "እንደምን አደሩ አቶ ሃርኮርት" ስትለው ቅጣቱ ያበቃል። ወዷታል፤ በዚህ ዕድሜው፣ ክፉኛ።

አንድ ጊዜ ተስፋ አይቶ ነበር። ከጾም በፊት ያለው ፈንጠዝያ፣ የካርኒቫል ሐሙስ ነው። የኮሎኝ ሴቶች በዚያ ቀን መቀስ ይዘው ይወጡና ያገኙትን ወንድ ከረባት ይቆርጣሉ፤ ለካሳው ጉንጩን ይስማሉ። ብልህ ወንድ ያን ቀን ከረባት አያስርም፤ ወይም የሰለቸውን ያስራል። ቨንደሊን ያለውን ምርጥ የሐር ከረባት አስሮ ሄደ። ወይዘሮ ኪናስት ቢራ ቀምሳ፣ ጸጉሯ ላይ የወረቀት አበባ ሰክታ መጣች፤ ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል እንዲሉ፣ ከረባቱን ከነቋጠሮው ሸረከተችውና ጉንጩን ስማ፣ "አንተ ቨንደሊን፣ ለካ ስትታይ መልከ መልካም ነህ!" አለችው።

ቨንደሊን እስከ ማክሰኞ ድረስ እግሩ መሬት አልነካም። ረቡዕ፣ ጾም ሲገባ፣ እንደ አገሩ ደንብ ግንባሩን አመድ ተቀብቶ ሥራ ገባ። "እንደምን አደሩ፣ አቶ ሃርኮርት" አለችው። የካርኒቫል አንተታ ከካርኒቫሉ ጋር እንደሚቀበር ከተማው ሁሉ ያውቃል፤ እሱም ያውቃል፤ ግን ለካ ማወቅና መቻል ለየቅል ናቸው። ከዚያ በኋላ በየዓመቱ ከረባት አሰረ፤ በየዓመቱ ሌላ ሴት ቆረጠችበት። ሁለት ጊዜ የካንቲኗ ሴትዮ ናት።

ይህን ሁሉ የምታውቅ አንዲት ሰው ነበረች፤ ሜካፕ የምትሠራው ኡተ። ፊቱን በዱቄት ስታነጣለት (ዳቦ ጋጋሪ ነዋ!) አፏ ሥራ አይፈታም። ማልተ ወሬውን ከነገረው በማግስቱ አገጩን ይዛ ወደ መስታወቱ አዞረችው።

"ስማ አንተ ሰውዬ። ልትሞት ነው። ምን አሰብክ?"

"ቀስ በቀስ..."

"ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ልትለኝ ነው? ያንተ እንቁላል እግር አውጥቶ፣ ሄዶ ሄዶ፣ ጡረታ ወጣ እኮ!"

"ኡተ፣ ሴት ናት። እሷ ነች መስጠት ያለባት።"

"ሳትሰጥህ ብትሄድስ?"

ባቫርያ ቅርብ አይደለም፤ ደግሞ በምን ሰበብ ይመጣል? በአንቱታ ቤት አይንኳኳም። ከተለያዩ በየዓመቱ የገና ካርድ ይላላካሉ፤ "ውድ አቶ ሃርኮርት"፣ "ውድ ወይዘሮ ኪናስት"፤ ከዚያ አንዳቸው ቀድመው ይሞታሉ፤ የእውነቱን። ይህን ሲያስብ ኡተ የቀባችው ዱቄት ላይ እንባው መንገድ አወጣ። ኡተም መሳለቋን ትታ እንደገና ቀባችው።

የቀሩት ሳምንታት እንደ ዓይን ጥቅሻ አለፉ። ቨንደሊን ፍንጭ ለመስጠት ሞከረ። አንድ ቀን በሊጥ ማቡኪያው ጠረጴዛ አጠገብ ሁለቱ ብቻ ሲቀሩ፣ "ወይዘሮ ኪናስት፣ እንግዲህ ቀኖቹ ጥቂት ናቸው" አላት።

"አዎ፣ አቶ ሃርኮርት፤ በጣም ያሳዝናል" አለችና ዓይን ዓይኑን አየችው። አንድ ነገር የምትጠብቅ ትመስላለች። እሱም አንድ ነገር ይጠብቃል። ሁለቱም ሲጠባበቁ ዱቄቱ አፍንጫው ገባና ሦስት ጊዜ አስነጠሰው። "ይማርዎት!" አለችና ሄደች።

የስንብት ኬክ በተቆረጠ ዕለት ደግሞ ንግግር እንድታደርግ ጠየቋት። ተነሳች፤ ብርጭቆዋን አነሳች፤ ሠራተኛው ትንፋሹን ዋጠ። "ውድ አቶ ሃርኮርት..." ስትል ከኋላ የመብራት ሠራተኞቹ "ኤጭ!" ሲሉ በግልጽ ተሰማ።

የመጨረሻው ቀን ደረሰ። ትዕይንቱ አጭር ነው። ብሩኖ ሆስፒታል አልጋ ላይ ተኝቷል፤ አፍንጫው ላይ ቱቦ አለ፤ ሐነ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ እጁን ይዛለች። ብሩኖ፣ "ሐነ፣ ምድጃውን አጥፊው" ይላል። ሐነ፣ "አጥፍቼዋለሁ ብሩኖ፣ ተኛ" ትላለች። ይሞታል። እንዲህ ያለውን ቨንደሊን በእንቅልፍ ልቡም ይሠራዋል፤ መሞትማ የጀመረበት ሙያ ነው።

"እባካችሁ!" አለ ማልተ፤ ጀምሩ ማለቱ ነው። ካሜራው ሠራ።

ቨንደሊን ዓይኑን ገልጦ አያት። ቀይ ጸጉሯን ለሐነ ብለው በሽበት ቀብተውባታል። እጇ ይሞቃል። ይህን እጅ ከነገ ወዲያ የሚይዝበት ሰበብ የለውም። አፉን ከፈተ።

"ሐነ" አለ፣ "ምድጃውን... ያጥፉት።"

ከአፍ የወጣ አፋፍ ነው። ድምፅ ቀጂው መጀመሪያ በሳቅ ፈነዳ፤ ሌላው ተከተለው።

"አመሰግናለሁ!" ብሎ ጮኸ ማልተ። "ቨንደሊን! ሠላሳ ዓመት አብራህ የኖረች ሚስትህ ናት እኮ! የግብር ቢሮ ጸሐፊ አይደለችም! እንደገና!"

እንደገና ተደረገ። ቨንደሊን ተጠነቀቀ፤ መጠንቀቁ አባሰው። "ሐነ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ምድጃውን ያጥፉት" አለ። አሁን የካሜራው ሰው ራሱ እየተንቀጠቀጠ ሥዕሉ ተበላሸ። በሦስተኛው ጭራሽ ቃል ጠፋው፤ አፉን እንደ ዓሣ ከፍቶ ዘጋው። ማንም አልሳቀም። ኡተ ግድግዳው ጥግ ቆማ አፏን በእጇ ያዘች።

ወይዘሮ ኪናስት ከአልጋው ሳትነሳ ወደ ማልተ ዞረች። "ሁሉንም አስወጣልኝ" አለችው።

"ሮስቪታ፣ ሰዓት የለንም..."

"ማልተ፣ ባሌ እየሞተ ነው። ውጣ።"

ወጡ። በሩ ተዘጋ። መብራቱ ብቻ ከላይ ይጮሃል።

"ምን ነካዎት፣ አቶ ሃርኮርት?"

"ሚስቴን ማናገር አቃተኝ" አለ ቨንደሊን ጣሪያውን እያየ።

"ይህን ሁሉ ዓመት ሲያናግሯት አልነበረም?"

"ያኔ እየሄድኩ አልነበረማ። ሐነን የሚሰናበት ብሩኖ ነው፤ እሱ ይቻለዋል። እኔ የምሰናበተው እርስዎን ነው። አፌን ስከፍት የሚወጣው ለእርስዎ ያለኝ ቃል ነው። ሌላ ቃል አልሰጡኝም።"

"አልሰጡኝም?" አለች። "እኔ ነኝ የምሰጥዎት?"

"ታዲያ ማን ነው? ሴት ለወንድ ነው ደንቡ!"

"እሱ የዳንስ ትምህርት ቤት ደንብ ነው!" ከአልጋው ዘላ ተነሳች። "ተዋንያን ዘንድ ታላቅ ነው የሚሰጠው! አባቴም አያቴም መድረክ ላይ አርጅተው ነው የሞቱት፤ እኔን እርስዎ ሊያስተምሩኝ ነው? ታላቁ ደግሞ እርስዎ ነዎት። ልደትዎን በየዓመቱ የቴሌቪዥን መጽሔቱ ላይ አያለሁ፤ ሦስት ዓመት ይበልጡኛል። በየዓመቱ 'ዘንድሮስ ይለኛል' እላለሁ። እርስዎ ደግሞ ያስነጥሳሉ!"

"በመጀመሪያው ቀን አንቱ እንባባል ያሉት እርስዎ ነዎት እኮ!"

"ለጊዜው ነው ያልኩት! ለጊዜው!"

"ካርኒቫል ላይስ? አንተ ብለውኝ ረቡዕ ወሰዱብኝ!"

"መንገድ ልከፍትልዎ ነዋ! ለሐር ከረባት መቀስ የሚያነሳ ሰው ምን ፈልጎ ነው?"

"የካርኒቫል አይቆጠርም!"

"ካልተቆጠረ ማስቆጠሩ የእርስዎ ፈንታ ነበር!"

ሁለቱም ቆም አሉ። ስድሳ ዓመት ያለፋቸው ሁለት ሰዎች፣ አንዱ በሆስፒታል ሸሚዝ፣ አንዷ በውሸት ሽበት፣ እንደ ሠፈር ልጆች ሲጮሁ ራሳቸውን ሰሙ።

ቨንደሊን ድምፁን ዝቅ አድርጎ ጠየቀ። "እሺ፤ ይህን ያህል ከፈለጉት፣ ደንቡን ትተው ራስዎ ለምን አልጀመሩትም? እርስዎ መቼ ደንብ ፈርተው ያውቃሉ?"

ሮስቪታ በሩን አየች። ጠጋ ብላ አልጋው ላይ ተቀመጠች። ያ የኋለኛው ወንበር ድረስ የሚሰማው ድምፅ እሱ ጆሮ ለመድረስ እንኳን አቃተው።

"መጽሔቱ ይዋሻል" አለች። "ማለቴ እኔ ነኝ ያዋሸሁት። ሠላሳ ስሞላ ወኪሌ 'ሃያ አምስት ነኝ በይ' አለኝ፤ አልኩ። ያቺ አምስት ዓመት በዚያው ቀረች። አቶ ሃርኮርት፣ ታላቅዎ እኔ ነኝ። በሁለት ዓመት።"

"እና?"

"እናማ፣ እኔ ከሰጠሁዎ፣ 'ሮስቪታ፣ ታላቁ እሱ አይደለም እንዴ?' የሚል ይመጣል። ኡተ ብቻዋን ትበቃለች። አንዱን ክር ከሳቡት ሹራቡ ሁሉ ይተረተራል። ዝም አይነቅዝም ብዬ ተቀመጥኩ።"

እንግዲህ ይህች ሁለት ባል ያስጎነበሰች ሴት፣ አምስት ዓመት ለመደበቅ ብላ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ከስራለች። ኩራት ሒሳብ አያውቅም። የቨንደሊን ጨዋነትም ከሷ ኩራት አይሻልም፤ እንዲያውም እሷ ቢያንስ መቀስ አንስታለች።

ቨንደሊን መሳቅ ጀመረ። መጀመሪያ ሆዱ ብቻ ነበር የሚነቃነቅ፤ ከዚያ አልጋው ሁሉ ተንቀጠቀጠ፣ ቱቦው ከአፍንጫው ወልቆ ወደቀ።

"ይስቁብኛል?"

"በራሴ ነው! በራሴ ነው የምስቀው!"

እሷም ሳቋ መጣ። ሁለቱም እንባቸውን እስኪጠርጉ ሳቁ። ከዚያ ሮስቪታ ተነሳች፤ የሐነን ሹራብ ወደ ታች ጎተተች፤ ጀርባዋን ቀጥ አድርጋ፣ ትልቅ መድረክ ላይ እንደምትቆመው ቆመች። እጇን ዘረጋች።

"ታላቅ መሆኔ ካልቀረ" አለች፣ "ሮስቪታ።"

ቨንደሊን በክርኑ ተደግፎ ቀና አለና እጇን ያዘ። "ቨንደሊን" አለ።

እጁን አልለቀቀችውም። "በለኛ።"

"ምን ልበል?"

"አንቺ በለኛ! ይህን ሁሉ ዘመን ያለቀስክላት ቃል አይደለችም?"

"አን..." አለ። "አንቺ።" ድምፁ እንደ ጎረምሳ ድምፅ ተሰበረ። አንዴ ከወጣ በኋላ ግን ማቆም አልተቻለም፤ የተጠራቀመው ሁሉ ተከትሎ ወጣ። "አንቺ ሴትዮ፣ እወድሻለሁ እኮ። ስንት ዘመን እንደወደድኩሽ ታውቂያለሽ? ባቫርያ መሄድ አልፈልግም፤ ቄስ መሆን አልፈልግም፤ ካንቺ ጋር መነጽር መፈለግ ነው የምፈልገው።"

"ባቫርያማ ትሄዳለህ" አለች ዓይኗ እየራሰ። "ባቡር ለምን ተሠራ? ሥራ አይናቅም። እኔም እወድሃለሁ፣ አንተ ጅል።"

ማልተ በሩን ሲያንኳኳ እጅ ለእጅ እንደተያያዙ አገኛቸው። ለትዕይንቱ እየተዘጋጁ መሰለውና በጣም ደስ አለው። ሁሉም ቦታ ቦታውን ያዘ። "እባካችሁ!" አለ።

"ሐነ" አለ ብሩኖ፣ "ምድጃውን አጥፊው።"

አልተሳሳተም። ቃሉ እንደ ማር ወረደ። ፊቱ ግን እስከ ጆሮው ድረስ ፈክቷል።

"አመሰግናለሁ! ቨንደሊን፣ እየሞትክ ነው እኮ! ምን ያስፈግግሃል?"

"ይቅርታ ማልተ። አሁን እሞታለሁ።"

አልሞተም። ደጋግመው ሞከሩ፤ በየጊዜው ልክ "አጥፊው" የሚለው ላይ ሲደርስ ፊቱ ይበራል። ማልተ ጸጉሩን ነጨ፣ ጸሐፊዎቹ ጋ ደወለ፣ በመጨረሻም ተስፋ ቆርጦ ካሜራውን ከአልጋው ራስጌ በኩል አዞረው። ለዚህ ነው በመጋቢት ተመልካቹ የብሩኖን ማጅራትና የሐነን ፊት ብቻ ያየው። ሐነ ስታለቅስ ግን አገሩ ሁሉ አብሯት አለቀሰ አሉ። አንድ ሐያሲ፣ ፊትን ሳያሳዩ መሞት ትልቅ ጥበብ ነው ብሎ አደነቀ።

ሥራው ሲያበቃ ማልተ እጁን አፉ ላይ አድርጎ፣ "ለቨንደሊን ሃርኮርት የመጨረሻው ነበር!" ብሎ ተጣራ፤ ሠራተኛው ሁሉ አጨበጨበ፤ አበባ ሰጡት። የካንቲኗ ሴትዮ አቅፋ አለቀሰችበት። ከሁሉም ጋር ተሰናበተና የሐነን ዳቦ ቤት፣ የውሸቱን ምድጃ፣ በቀለም የተሠሩትን መስኮቶች አልፎ ወደ መውጫው ኮሪደር ሄደ። ኡተና ማልተ ሊሸኙት ከጎኑ ይሄዳሉ። ኡተ ምንም አታውቅም፤ ስታጽናናው ነበር። "አይዞህ፣ ቢያንስ ሞክረሃል" ትለዋለች።

ከኋላቸው የአንዱ ክፍል በር ተከፈተ። ሮስቪታ ግማሽ ሽበቷን አጥባ፣ ፎጣ በትከሻዋ ጥላ፣ አንገቷን አወጣች።

"ቨንደሊን!" አለች፤ ያ ድምፅ እስከ ሕንጻው ጫፍ ተሰማ። "ካፖርትህን ልበስ፣ ውጭ ይበርዳል!"

ኮሪደሩ ቀጥ አለ። ማልተ ኡተን አየ፤ ኡተ ቨንደሊንን አየች፤ የያዘችው ቦርሳ ከእጇ ወደቀ። ቨንደሊን ካፖርቱን ከለበሰ ቆይቷል፤ እስከ አንገቱ ድረስ ቆልፎታል።

"እሺ" አለ። አበባውን ለኡተ አስያዛትና ካፖርቱን አውልቆ እንደገና ለበሰው።